ከአባት መድረክ እስከ ልጅ ካሜራ፦ ጎንደር በኃይሌ ገሪማ ፊልሞች

መጋቢት 23 ቀን 1928 ዓ.ም.፣ የማይጨው ጦርነት በተደረገ ማግስት፣ የፋሺስት ኢጣልያ ጦር ጎንደር ገባ። አፄ ፋሲል የቆረቆሯት የነገሥታት ከተማ ወራሪው «የአማራ ግዛት» ብሎ ለከለለው አገር መቀመጫ ሆነች። ከፋሲል ግንብ ትንሽ ራቅ ብሎ ፒያሳ ተሠራ፤ ፖስታ ቤቱ፣ የሹማምንቱ መኖሪያ፣ ሲኒማ ቤቱም ተከተሉ። በስተሰሜን የሊማሊሞን ገደል እየፈለጡ መኪና የሚያወጣ መንገድ ዘረጉ። ጎንደር ለዘለዓለም የእነርሱ የሆነች መስሏቸው ነበር።

ገጠሩ ግን አልተገዛም። በአርማጭሆ፣ በደምቢያ፣ በወገራና በሰሜን ተራሮች አርበኛው ጫካ ገባ። እንደ አሞራው ውብነህና እንደ ብትወደድ አዳነ መኮንን ያሉ ጀግኖች ስማቸው ከሽለላና ከፉከራ ጋር በየመንደሩ ተነሣ። አምስት ዓመት አልፎ ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. የኢጣልያው ጄኔራል ናሲ እጁን ሲሰጥ፣ የኢጣልያ ጦር በኢትዮጵያ ምድር መሣሪያውን ያስቀመጠበት የመጨረሻው ምሽግ ጎንደር ነበረች።

ጦርነቱ ሲያበቃ ታሪኩ በሰው አፍ ላይ ቀረ። ማን የት እንደወደቀ፣ ማን ወንድሙን እንደካደ፣ የትኛዋ እናት ስንቅ እንደቋጠረች ያውቅ የነበረው ያየው ሰው ብቻ ነው። ይህን የአፍ ታሪክ ከሞት ለማዳን ከተነሡት ጎንደሬዎች አንዱ አባ ገሪማ ታፈረ ነበሩ። ካህን፣ መምህርና ጸሐፌ ተውኔትም ነበሩ። የጎንደርን አርበኞች ተጋድሎ አሰባስበው «ጎንደሬ በጋሻው» በሚል ርእስ በ1949 ዓ.ም. አሳተሙ። መጽሐፉ ዛሬም ስለ ጎንደር አርበኝነት መጻፍ የሚፈልግ ሰው ሳያየው የማያልፈው ነው።

አባ ገሪማ መጻፍ ብቻ አልበቃቸውም፤ ታሪኩ ማንበብ ለማይችለውም እንዲደርስ ፈለጉ። ስለዚህ ተውኔት ደረሱ፣ ተዋንያን ሰበሰቡ፣ መድረክ ላይም አወጡት። በእነዚህ ተውኔቶች ውስጥ ቀረርቶው አለ፤ ዘፈኑ አለ፤ ወራሪውን የሚያወግዘው የአገር ፍቅር አለ። ከተዋንያኑ መካከል ደግሞ የገዛ ልጃቸው ነበር፤ ኃይሌ።

ኃይሌ ገሪማ ጎንደር ላይ የተወለዱት የካቲት 25 ቀን 1938 ዓ.ም. ነው። የአድዋ ድል 50ኛ ዓመት ከተከበረ ሁለት ቀን በኋላ፣ ጠላት ከከተማዋ ከወጣ ገና አራት ዓመት ሲሆን ማለት ነው። አሥር ልጆች ባሉበት ቤት አራተኛው ልጅ ናቸው። እናታቸውም መምህርት ነበሩ። ቤቱ የመጽሐፍና የመድረክ ቤት ይሁን እንጂ ትልቁ ትምህርት ቤታቸው ምድጃው ዳር ነበር። ኃይሌ በኋላ ዘመን ስለ ሙያቸው ሲጠየቁ ደጋግመው የሚያነሡት አያታቸው እሳት ዳር ያወሩላቸው የነበረውን ተረት ነው። አያት ሲተርቱ ድምፃቸው ይለዋወጣል፤ አንዴ ጅብ አንዴ አንበሳ ይሆናሉ፤ ልጆቹም ዝም ብለው አይሰሙም፣ ይቀበላሉ። በጎንደር ደጋ እንዲህ ያላደገ ልጅ የለም። ልዩነቱ ኃይሌ ይህን የአተራረክ ስልት ዕድሜ ልካቸውን አለመልቀቃቸው ነው።

ከምድጃው ሌላ ግን በከተማዋ ሁለተኛ ተረት ነጋሪ ነበር፤ ሲኒማ ቤቱ። ጦርነቱ ቢያበቃም የፊልሙ ጥቅልል ከውጭ መምጣቱን አላቋረጠም። ከመጡት ፊልሞች መካከል የጎንደር ልጆች የሚሞቱለት ታርዛን ነበር። ኃይሌ ራሳቸው እንደተናገሩት፣ በፊልሙ ውስጥ ያሉት ጥቁር ሰዎች ታርዛንን ከኋላው ሊይዙት ሲያደቡ፣ ልጆቹ ሁሉ ታርዛን እንዲጠነቀቅ ይጮኹለት ነበር። የ«ጎንደሬ በጋሻው» ጸሐፊ ልጅ፣ በጨለማ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጦ እርሱን ከሚመስሉት ሰዎች በተቃራኒ ወግኖ ይጮሃል።

ይህ ትንሽ የልጅነት ነገር አይደለም። አባ ገሪማ በመድረክ ላይ ለዓመታት የሚገነቡትን ኩራት አንድ ጥቅልል ፊልም በሁለት ሰዓት ሊያፈርሰው እንደሚችል ያሳያል። ጠላት በመድፍ ያላገኘውን ልብ ተረት ቀስ አድርጎ ሊወስደው ይችላል። ኃይሌም የፊልምን ኃይል የተማሩት ከማንም መምህር በፊት ከዚያ አዳራሽ ነው። የኋላ ሥራቸው ሁሉ ለዚያ ጩኸት የተሰጠ መልስ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

በ1960ዎቹ መጨረሻ (እ.ኤ.አ.) ወጣቱ ኃይሌ ተዋናይ ለመሆን ወደ አሜሪካ ተሻገሩ። ቺካጎ በሚገኘው የጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ገቡ። እዚያ የጠበቃቸው ግን አባታቸው ያሳደጓቸው ዓይነት መድረክ አልነበረም። ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው ቦታ ብዙውን ጊዜ የአገልጋይነት ነበር፤ የሌላውን ሰው ታሪክ ማጀብ። በጎንደር መድረክ ላይ የአርበኛን ታሪክ እየተጫወተ ያደገ ልጅ በዚህ ሊረካ አልቻለም። የጥቁር አሜሪካውያን የመብት ትግል በተፋፋመበት በዚያ ዘመን ኃይሌ አንድ ነገር ገባቸው፦ ጥያቄው ማን ይጫወታል ብቻ ሳይሆን ታሪኩን ማን ይጽፋል፣ ካሜራውንስ ማን ይይዛል የሚልም ነው።

እ.ኤ.አ. በ1970 ወደ ሎስ አንጀለስ ተጉዘው በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ትምህርት ጀመሩ። ጊዜው ዕድለኛ ነበር። በዚያው ዩኒቨርሲቲ ቻርልስ በርኔት፣ ላሪ ክላርክ፣ ቤን ካልድዌል፣ በኋላም ጁሊ ዳሽ የተባሉ ወጣት ጥቁር የፊልም ሰዎች ተሰብስበው ነበር። ዛሬ የፊልም ታሪክ ጸሐፍት ይህን ትውልድ «የሎስ አንጀለስ ዐመፅ» ይሉታል። ሆሊውድ ጎረቤታቸው ነበር፤ እነርሱ ግን ፊታቸውን ወደ አፍሪካ፣ ወደ ላቲን አሜሪካና ወደ እስያ ሲኒማ አዞሩ። ከመምህራኑ አንዱም ኢትዮጵያዊ ነበሩ፤ ፕሮፌሰር ተሾመ ገብርኤል። የሦስተኛው ዓለም ሲኒማ ራሱን የቻለ ሐሳብና ውበት እንዳለው በመጽሐፍ አስረድተው ለዓለም ያስተማሩ ሊቅ ነበሩ።

ኃይሌ በተማሪነታቸው የጥቁሮች መብት ታጋይዋ አንጄላ ዴቪስ በካቴና ታስራ በቴሌቪዥን ማየታቸው ባሳደረባቸው ስሜት «የተቃውሞ ልጅ» የተባለውን አጭር ፊልም በ1972 እ.ኤ.አ. ሠሩ። ቀጥለው በሎስ አንጀለስ የዋትስ ሰፈር ስለምትኖር ድሀ እናት «ቡሽ ማማ»ን ቀረጹ። በቀረጻው ላይ ሳሉ ፖሊስ የፊልም ቡድኑን አስቁሞ ፈተሸ። ካሜራው ግን አልቆመም ነበር፤ ኃይሌም ያንን እውነተኛ ፍተሻ የፊልሙ መክፈቻ አደረጉት። ሰው ያልጻፈውን፣ ኑሮ ራሱ የጻፈውን ትዕይንት ወደ ፊልም የማስገባት ልማድ በኋላ ወደ አገራቸውም ይዘውት መጡ።

በ1966 ዓ.ም. ማብቂያ ኢትዮጵያ ስትናወጥ ኃይሌ ካሜራ ይዘው አገራቸው ገቡ። ተማሪው በጎዳና ላይ ነው፤ ወታደሩ በሰፈሩ አድሟል፤ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። አሮጌው ሥርዓት እየወደቀ አዲሱ እጁን ገና ባላጠነከረበት በዚያ ጠባብ ጊዜ ኃይሌ አዲስ ፊልም በሁለት ሳምንት ገደማ ቀርጸው ጨረሱ። በ16 ሚሊ ሜትር የተነሣ፣ ጥቁርና ነጭ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል የሚሆን ሥራ ነው። ስሙም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»።

ፊልሙ በንጋት ይጀምራል። አንድ የጭሰኛ ቤተሰብ ይነሣል፤ ጸሎቱን ያደርሳል፤ በሬዎቹን ይጠምዳል፤ ልጆቹ ከብት ይዘው ይወጣሉ። ካሜራው አይቸኩልም። ገበሬው ሞፈሩን ተሸክሞ ከቤቱ እስከ ማሳው የሚሄድበት ርቀት በእግር ስንት እንደሚፈጅ ተመልካቹ በሰውነቱ እስኪያውቀው ድረስ ያሳየዋል። ከኮረብታው ላይ ደግሞ ባለ መሬቱ ሙሉ ልብሱን ለብሶ ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ ቁልቁል ይጮሃል፣ ይሳደባል፣ ያዛል። የተቀመጠው ሰው ድምፅና የሚሠራው ሰው ዝምታ በአንድ ሥዕል ውስጥ ሲገጥሙ ሥርዓቱ ምን እንደነበር ለማስረዳት ሌላ ንግግር አያስፈልግም። ከብት የምትጠብቀው ልጅ ጎርፍ ሲወስዳት እንኳ ሐዘኑ ሥራውን አያስቆመውም።

በመንደሩ ከበበ የሚባል ሰው አለ። እብድ ነው ይሉታል። ጠላትን ተዋግቶ አገሩን ያቆየ፣ በሰላሙ ጊዜ ግን መሬቱን የተነጠቀ ሰው ነው። ማንም ለመናገር የማይደፍረውን እርሱ አደባባይ ላይ ይናገራል። በመጨረሻም ባለ መሬቱን በዱላ ቀጥቅጦ ይገድለዋል። «ጎንደሬ በጋሻው»ን የሚያውቅ ሰው ከበበን ሲያይ አይደናገረውም። አባት አርበኛው በጫካ የሠራውን ጻፉ፤ ልጅ ደግሞ ያ አርበኛ ከጫካ ሲመለስ ምን እንደጠበቀው ጠየቁ። የአባትን ሥራ ማክበር የአባትን ጥያቄ ማስፋትም እንደሆነ ይህ ፊልም ያስተምራል።

የተዋንያኑም ነገር መነገር አለበት። አብዛኞቹ ትወና ተምረው አያውቁም፤ ገበሬዎችና የገበሬ ቤተሰቦች ናቸው። ሞፈር አያያዙን፣ የሴቲቱን አቀማመጥ፣ ሽማግሌው አንድ ቃል ከመናገሩ በፊት የሚያደርገውን ዝምታ ማንም አላስጠናቸውም። ታርዛንን ባሳየው ሸራ ላይ የኢትዮጵያ ገበሬ በራሱ ልብስ፣ በራሱ አነጋገርና በራሱ የልብ ትርታ ዋና ባለ ታሪክ ሆኖ ቆመ።

ፊልሙ ከመታየቱ በፊት አገሪቱ ተለወጠች። የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት የሆነበት አዋጅ የታወጀው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ነው፤ ኃይሌ 29 ዓመት በሞላቸው ዕለት። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በ1976 እ.ኤ.አ. ለዓለም ቀረበ፤ በስዊዘርላንድ የሎካርኖ ፌስቲቫልም ተሸለመ። ከብዙ ዓመታት በኋላ ቦሎኛ በሚገኘው የፊልም ቤተ መዛግብት ታድሶ ዛሬም በጠራ ምስል ይታያል።

ኃይሌ ከ1975 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዋሽንግተን ዲሲ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ የፊልም መምህር ሆኑ። በእጃቸው ካለፉት መካከል የአሜሪካዊውን ዳይሬክተር የስፓይክ ሊን ፊልሞች የቀረጸው ኧርነስት ዲከርሰንና ለኦስካር የታጨው የካሜራ ባለሙያ ብራድፎርድ ያንግ ይገኛሉ። ለተማሪዎቻቸው ይሰጡት የነበረው ምክር አንድ ነው፦ እያንዳንዱ ሰው ሲናገር የመጣበት አገር በድምፁ እንደሚታወቅ ሁሉ ፊልሙም የመጣበት አገር ይታወቅበት። የሌላውን አተራረክ አስመስሎ የሠራ ሰው፣ ፊቱ የራሱ ቢሆንም፣ የሚናገረው የሌላው ነው።

ምክሩን በራሳቸው ላይም ፈጸሙት። ከባለቤታቸው ከፊልም ሠሪዋ ሽሪኪያና አይና ጋር ሆነው በ1993 እ.ኤ.አ. «ሳንኮፋ»ን አወጡ። ፎቶ ለመነሣት ወደ ጋና የባሪያ ንግድ ግንብ የሄደች ጥቁር ሞዴል ወደ ባርነት ዘመን ተመልሳ የአባቶቿን ስቃይ የምትኖርበት ታሪክ ነው። ፊልሙ በበርሊን ፌስቲቫል ለውድድር ቢቀርብም በአሜሪካ የሚያከፋፍለው ኩባንያ አጣ። ባልና ሚስቱ ተስፋ አልቆረጡም፤ ከከተማ ከተማ እየዞሩ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ፣ ከየአካባቢው ማኅበረሰብ ጋር ሆነው ራሳቸው አሳዩት። ተመልካቹም ሰልፍ ይዞ መጣ። ከዚያም በጆርጂያ ጎዳና ላይ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ «ሳንኮፋ» የሚባለውን የመጻሕፍትና የፊልም ቤት ከፈቱ። የዋሽንግተን ኢትዮጵያዊና ጥቁር አሜሪካዊ በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ የሚቀመጥበት ቤት ሆነ።

ደርግ ከወደቀ በኋላ ኃይሌ ወደ አገር ቤት ጉዳይ ተመለሱ። በ1994 እ.ኤ.አ. ከፖላንዳዊው ጸሐፊ ሪሻርድ ካፑሽቺንስኪ ጋር ኢትዮጵያን እየተዘዋወሩ «ኢምፐርፌክት ጀርኒ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም ሠሩ፤ ሕዝቡ ከዚያ ሁሉ ደም በኋላ ምን ላይ እንዳለ ጠየቁ። በ1999 እ.ኤ.አ. ደግሞ «አድዋ» ወጣ። ይህን ፊልም የሚያይ ሰው የአባ ገሪማን ቤት ያገኛል። ታሪኩን የሚያወሩት አረጋውያን ናቸው፤ የጦርነቱን መልክ የሚያሳዩት የአገር ሠዓሊዎች ሥዕሎች ናቸው፤ በመካከሉ የአገር ዜማና ፉከራ ይገባል። የአድዋ ጦርነት ሲካሄድ የቀረጸ ካሜራ አልነበረም። ኃይሌ ግን የሌለውን ምስል ከሕዝቡ አፍና ከቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ፈልገው አገኙት።

የሥራቸው ሁሉ ጫፍ የሆነው «ጤዛ» ለመሠራት 14 ዓመት ፈጀ። ገንዘብ ፍለጋው ረጅም ነበር። የኢትዮጵያው ክፍል ተቀርጾ ካለቀ በኋላ የጀርመኑን ለመቅረጽ እንደገና መጠበቅ ግድ ሆነ። የቤተሰቡ ጉልበት እዚህም አለ፤ እህታቸው ሰሎሜ ገሪማ ከኢትዮጵያ በኩል ሥራውን ከያዙት ዋነኛዋ ናቸው።

ታሪኩ የአንበርብር ነው። አንበርብር የጣና ዳር ልጅ ነው፤ ጀርመን ሄዶ ሕክምና ተማረ፤ በአብዮቱ ዘመን አገሬን ላገልግል ብሎ ተመለሰ። የጠበቀው ግን መጠራጠርና መገዳደል ነበር። ጓደኛው ተስፋዬ ዓይኑ እያየ ተገደለበት። እንደገና ወደ ጀርመን ሲሄድ ደግሞ ዘረኞች ደብድበው እግሩን አሳጡት። በ1990 እ.ኤ.አ. አርጅታ ወደምትጠብቀው እናቱ ቤት በሰው ሠራሽ እግርና በተናጋ አእምሮ ይመለሳል። ያለፈውን በቅጡ አያስታውስም፤ ሌሊት በቅዠት ይነሣል።

«ጤዛ» ውስጥ ጎንደርን ጎንደር የሚያደርገው ነገር ሁሉ አለ፤ አንዱም ግን ለጌጥ አልገባም። ጣና አለ፤ ታንኳውም ጭጋጉም አለ። ነገር ግን ወጣቶቹ ወደ ዋሻ የሚሸሹት ለጨዋታ ሳይሆን ወታደር አፍሶ ለጦርነት እንዳይወስዳቸው ነው። ጠበል አለ፤ እናት ልጇ ይድንላት ዘንድ ካህናቱ ዘንድ ትወስደዋለች፣ ቀዝቃዛው ውኃ ሲወርድበት ሰውነቱ ሲንቀጠቀጥ እናያለን። በመንደሩ ራስ ላይ ባለው ኮረብታ ደግሞ ጣልያን በጎርጎራ አቅራቢያ ያቆመው ሐውልት ቆሟል። የአንበርብር አባት የወደቁት ያንን ጠላት ሲዋጉ ነው። ልጆች ከሐውልቱ ሥር ይሯሯጣሉ፤ ምን እንደሆነ የሚነግራቸው ሰው ሲኖር ያውቃሉ፣ ከሌለ ድንጋይ ነው። ኃይሌ ይህን ሐውልት በፊልሙ ውስጥ ደጋግመው ያሳዩት ያለ ምክንያት አይደለም። በልጅነታቸው የአባታቸውን መድረክና የጠላትን ሲኒማ ቤት በአንድ ከተማ ያዩ ሰው ናቸው።

አንበርብርን የተጫወተው አሮን አረፈ ነው። በዚህ ትወና ውስጥ የሚያስደንቀው ዝምታው ነው። የተማረው የጎንደር ልጅ እናቱ ፊት ሲቀመጥ ከትምህርቱ አንዱንም ማስረዳት አይችልም፤ ዓይኑን ይሰብራል፣ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል፣ ይተወዋል። እናቱን ታድፌን ሆነው የተጫወቱት ታከለች በየነ ደግሞ ያንን ዝምታ በእናት ትዕግሥት ይሞሉታል። ምን ሆንክ ብለው አያስጨንቁትም፤ ያበሉታል፣ ይጸልዩለታል፣ ይጠብቁታል። ደጋ ያደገ ሰው ይህችን እናት ሲያይ የራሱን እናት ያያል። ሁለት ቋንቋ የሚናገሩ ሁለት ትውልዶች በአንድ ጣራ ሥር እንዴት እንደሚተዛዘኑ በዚህ ቤት ውስጥ ይታያል። ሙዚቃውን የሠሩት ኢትዮጵያዊው የሳክስፎን ተጫዋች ጆርጋ መስፍንና አሜሪካዊው ፒያኒስት ቪጃይ አየር ናቸው።

«ጤዛ» በ2008 እ.ኤ.አ. በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን አገኘ። በዚያው ዓመት በቱኒዝያ የካርቴጅ ፌስቲቫል የወርቅ ታኒት ተሸለመ፤ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ በቡርኪና ፋሶ የፌስፓኮን ትልቁን ሽልማት፣ የወርቅ ፈረስ፣ አሸነፈ። በአባቱ ተውኔት ትወና የጀመረ ጎንደሬ፣ ጠላት ባለፈበት ምድር ላይ ስለተረፈው ሕይወት የሠራው ፊልም በራሷ በኢጣልያ መድረክ ላይ ተከበረ።

ኃይሌ የከፈቱት መንገድ በሌሎችም ቀጠለ። በ2015 እ.ኤ.አ. ያሬድ ዘለቀ «ላምብ» የተባለ ፊልሙን ይዞ ካን ደረሰ፤ በዚያ ታላቅ ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ሆነ። ታሪኩ የደገኞች ነው። ኤፍሬም የተባለው ልጅ እናቱን በድርቅ ያጣል፤ አባቱ ከዘመድ ቤት ትቶት ሥራ ፍለጋ ይሄዳል። የቀረችው ቹኒ የምትባል በግ ብቻ ናት፤ አጎቱ ደግሞ ለመስቀል ሊያርዳት ያስባል። ኤፍሬም እናቱ ያስተማረችውን ምግብ መሥራት ይወዳል፤ ወንድ ልጅ ወጥ ቤት ምን ይሠራል እየተባለም ከእሳቱ አይለይም። እናቱ ቤተ እስራኤል ናት። ከጎንደር ከተማ አጠገብ ያለውን የወለቃን የቤተ እስራኤል መንደር የሚያውቅ፣ በ1977ና በ1983 ዓ.ም. በአውሮፕላን ወደ እስራኤል የሄዱትን ጎረቤቶቹን የሚያስታውስ ጎንደሬ ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል። ኤፍሬምን የተጫወተው ልጅ ረድኤት አማረ በዚያ ተራራ ላይ በጓን አቅፎ ሲቆም፣ የደጋው ባህል አንድ ቀለም ብቻ እንዳልሆነ ያለ ስብከት ይታያል።

በ2020 እ.ኤ.አ. ሦስተኛው ትውልድ መጣ። የኃይሌና የሽሪኪያና ልጅ መራዊ ገሪማ «ሬዚዱ» የተባለውን የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን አወጣ። ፊልሙ ስለ ጎንደር አይደለም፤ ስለ ዋሽንግተን ዲሲ ነው። አንድ ወጣት ተወልዶ ወዳደገበት ሰፈር ሲመለስ ነባሮቹ ጥቁሮች ተገፍተው፣ የልጅነት ጓደኞቹ ተበትነው ያገኛል። ከሩቅ የመጣ ልጅ፣ የተለወጠ ሰፈርና የማይመለስ ትናንት፦ አንበርብርን ያየ ሰው ይህን ታሪክ ያውቀዋል። አባ ገሪማ የወደቀውን አርበኛ ስም ከመረሳት እንዳዳኑ ሁሉ የልጅ ልጃቸው ደግሞ በሌላ አህጉር የሚጠፋ ሰፈርን ስም ያድናል።

በመስከረም 2021 እ.ኤ.አ. በሎስ አንጀለስ የአካዳሚው የፊልም ሙዚየም ሲመረቅ ለኃይሌ ገሪማ የቫንቴጅ ሽልማትን ሰጠ። በዚያው ወር «ሳንኮፋ» ታድሶ በኔትፍሊክስ ለዓለም ቀረበ። ከሩብ ምዕተ ዓመት በፊት አከፋፋይ ያጣው ፊልም በየሰው ቤት ገባ። ኃይሌ ፊልማቸውን ገበያ እንዲወድላቸው ብለው አንድ ጊዜም አልቀየሩትም፤ ዓለም ዘግይቶ ወደ እርሳቸው መጣ።

ከዚህ ሁሉ ታሪክ የሚወጣው ፍርድ ግልጽ ነው። ባህል በፊልም የሚወከለው ግንብና ጥበብ ልብስ በማሳየት ብቻ አይደለም። ካሜራ ጎንደር ሲደርስ ብዙ ጊዜ የፋሲልን ግንብ አንሥቶ፣ የጥምቀትን ግርግር ጨምሮ ይመለሳል። ያ ውበት ነው፤ ግን የጎንደር ሰው ገና አልተናገረም። ኃይሌ ገሪማ ያደረጉት የጎንደርን ሰው ማናገር ነው፦ የአያትን አተራረክ፣ የአባትን ጥያቄ፣ የእናትን ዝምታ፣ የእብዱን እውነት። ከደስታው ጋር በደሉን፣ ከጀግናው ጋር የተከዳውንም ጀግና አብረው አሳዩ። ስለዚህም ፊልሙ ጎንደርን የማያውቅ ሰው ልብ ውስጥ ገባ።

እንግዲህ ኃላፊነቱ የእኛ ነው። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ፣ የከተማዋ የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤትና ትምህርት ቤቶቹ «ጎንደሬ በጋሻው»ን ለወጣቱ እጅ ያድርሱ፤ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ንና «ጤዛ»ን ኃይሌ በተወለዱበት ምድር ለሕዝብ ያሳዩ፤ ከእይታው በኋላም ወጣቱና ሽማግሌው በአንድ ላይ ይወያዩ። ስልክህ ላይ ካሜራ የያዝክ የአርማጭሆ፣ የደባርቅ፣ የጎርጎራ ወጣት ሆይ፣ ግንቡ አይሄድብህም፤ ሽማግሌው ግን ያልፋሉ። ዛሬ ቤት ሂድና አያትህን ተረት አስጀምራቸው፤ ድምፃቸውን ቅዳ፤ የሚሉትን ሁሉ በራሳቸው አፍ ይናገሩ። አባ ገሪማ በብዕር የጀመሩት፣ ልጃቸው በካሜራ የቀጠሉት ሥራ ከዚያ ይቀጥላል።